እንደ ሳይ ፓላቪ ሳሪ ለመልበስ

ህንዳዊቷን ተዋናይት ሳይ ፓላቪን የምወዳት ስለማታበዛው ነው። ቀለል ያለ ሳሪ (የህንድ ሴቶች ሰውነታቸው ላይ የሚጠመጥሙት ረጅም ጨርቅ)፣ የተለቀቀ ፀጉር፣ ሜካፕ ለስሙ ያህል፣ በቃ። በፈረንጆቹ 2019 የቆዳ ማቅያ ክሬም ማስታወቂያ አልሠራም ማለቷን ስሰማ ደግሞ ጭራሽ ወደድኳት።

ባህር ዳር ላይ፣ ጣና ዳር ለፎቶ ልትለብሺው ካሰብሽ፣ መጀመሪያ ጁፖንሽን ወገብሽ ላይ ጠበቅ አድርገሽ እሰሪ፤ 5 ሜትር ተኩል የሚያህለው ጨርቅ በሙሉ የሚያርፈው እሱ ላይ ነዋ! ጫማሽንም ቀድመሽ አድርጊ፣ ርዝመቱ የሚስተካከለው በሱ ነው። ጨርቁን ከቀኝ ወገብሽ ጀምረሽ አንድ ዙር አዙሪው። ከፊት 6 ወይም 7 ሽንሽን በስንዝርሽ ልክ አጣጥፊና እምብርትሽ ሥር ሸጉጪው፣ እጥፋቱ ወደ ግራ ይዙር። የቀረውን በጀርባ አዙረሽ፣ በደረትሽ አሳልፈሽ ግራ ትከሻሽ ላይ ጣይው። ከሐይቁ ንፋስ ሲነሳ አይጣል ነውና በመርፌ ቁልፍ ያዢው። ጥጥ ምረጪ፣ ሳቲን ይንሸራተታል። ወርቅ አትደርድሪ፣ ትንሽ ጉትቻ ይበቃል።