ምናባዊ ፕላኔት ላይ አደገኛና ምስጢራዊ ቦታ ስትፈጥሩ ልታስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

በአማርኛ ሳይንስ ፊክሽን የሚሞክሩ ልጆች እየበዙ ነው በጣም ደስ ይላል፣ ግን ረቂቅ ሲልኩልኝ አንድ ነገር ደጋግሜ አያለሁ፣ ጀግናው ማንም ያልረገጠው ፕላኔት ላይ ያርፋል፣ እዛ የሞት ሸለቆ ምናምን የሚባል ቦታ አለ፣ የገባ አይወጣም፣ በቃ። ለምን አይወጣም ብላችሁ ደራሲውን ብትጠይቁት ምስጢር ነው ይላችኋል። አንባቢው አለማወቁ ጥሩ ነው፣ ደራሲው ግን ማወቅ አለበት! የመጀመሪያውና ትልቁ ስህተት ይሄ ነው፣ ምክንያት የሌለው አደጋ።

የኒዮስ ሐይቅን ተመልከቱ፣ ካሜሩን ውስጥ ነው። በ1986 እ.ኤ.አ ነሐሴ ላይ በአንድ ሌሊት ወደ 1,700 ሰውና ከ3,000 በላይ ከብት አለቀ። ቤት አልፈረሰ፣ እሳት አልተነሳ፣ ሰው በተኛበት ቀረ፣ ሰማያዊ የነበረው ሐይቅ ደግሞ ቀይ ሆኖ ተገኘ። ይሄን ብቻ ብነግራችሁ እርግማን ነው ትላላችሁ። የሆነው ግን ከስር ከእሳተ ገሞራው የሚመጣው ካርቦንዳይኦክሳይድ ጥልቁ ውሃ ውስጥ ሟሙቶ፣ ከላዩ ባለው ውሃ ክብደት ታፍኖ ለረጅም ጊዜ ሲጠራቀም ቆይቶ ገንፍሎ ወጣ፣ ጋዙ ከአየር ስለሚከብድ ወደ ሰማይ አልሄደም፣ መሬት ለመሬት በሸለቆው ቁልቁል ወርዶ እስከ 25 ኪሎ ሜትር ድረስ ያሉ መንደሮችን አዳረሰ። ቅላቱም ብረት ያለበት ውሃ ከስር ወጥቶ አየር ሲያገኝ ዝጎ ነው። አሁን ምክንያቱን አወቃችሁ፣ ፍርሃቱ ቀነሰ እንዴ? እኔ እንደውም ይብስብኛል፣ ምክንያቱም ያን ቀን ዳገት ላይ ያደረ ሊተርፍ፣ ታች ያደረው ወንድሙ ሊሞት እንደሚችል ገባኝ፣ ታሪኩ እኮ የሚጀምረው እዚህ ጋ ነው።

ምክንያቱን ያወቁት ደግሞ ተቃራኒውን ይሳሳታሉ፣ አንድ ፕሮፌሰር ያመጡና ሁለት ገጽ ሌክቸር ያሰጡታል። አታድርጉት። ገጸ ባህሪያችሁ ፋኖስ ይዞ እንዲህ አይነት ጋዝ ወደተኛበት ሸለቆ ይውረድ፣ ደረቱ ጋ ሲይዘው ይበራል፣ ወደ ጉልበቱ ዝቅ ሲያደርገው ነበልባሉ ይቀጭጫል፣ ቁርጭምጭሚቱ ጋ ሲደርስ ጥፍት ይላል፣ በዛች ሰከንድ ከኋላው ያለው ልጅ የጫማውን ክር ሊያስር ጎንበስ እያለ ነው። አንባቢው ማንም ሳያስረዳው ይጮሃል።

ሁሉን ነገር ማግዘፍ ሌላው ነው። መቶ ኪሎ ሜትር ተራራ ምናምን። ማርስ ላይ ያለው ኦሊምፐስ ሞንስ ወደ 22 ኪሎ ሜትር ከፍታ አለው፣ እዛ የደረሰው የማርስ ስበት ከምድር 38 በመቶ ገደማ ስለሆነና ቅርፊቷም እንደኛ ስለማይንሸራተት ላቫው አንድ ቦታ ላይ ስለተከመረ ነው፣ ስፋቱ ግን 600 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፣ ተዳፋቱ በጣም ዝግ ያለ ስለሆነ እላዩ ላይ የቆመ ሰው ተራራ ላይ መሆኑ ራሱ አይታወቀውም። ስለዚህ መጀመሪያ ስበቱን ወስኑ፣ ከዛ ቁመቱን።

ምድርን ቀለም ቀይሮ ሌላ ፕላኔት ነው ማለትም አለ፣ ሰማዩ ሐምራዊ፣ ጨረቃው ሁለት፣ የቀረው ግን በሙሉ እዚሁ የምናውቀው ነው፣ ዝናቡም ውሃ። ሳተርንን የምትዞረውን ታይታንን እዩ፣ ቅዝቃዜው ከዜሮ በታች 180 ዲግሪ አካባቢ፣ አየሯ ከኛው በአንድ ተኩል እጥፍ የሚጫን፣ ስበቷ ደግሞ የኛ አንድ ሰባተኛ። የሚዘንበው ፈሳሽ ሚቴን ነው፣ ጠብታውም ከኛ ዝናብ በጣም ቀስ ብሎ ነው የሚወርደው። በ2005 እ.ኤ.አ ሃይገንስ የምትባለው መንኮራኩር አርፋ ፎቶ ስትልክ ወንዝ ዳር እንደምናየው አይነት ድቡልቡል ጠጠር ታየ፣ ያ ጠጠር ግን የውሃ በረዶ ነው። እዛ ውሃ ድንጋይ ነው ማለት ነው! አንድ እንደዚህ አይነት ነገር ቀይራችሁ መዘዙን እስከ መጨረሻው ብትከተሉ አስር ጨረቃ ከመደርደር ይሻላል።

አደገኛ ቦታ ሁሉ ላይ አውሬ መልቀቅም ቢቀር ደስ ይለኛል። ዳሎል እኛው ጋ ነው፣ ከባህር ወለል በታች ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ብሎ፣ ቢጫውና አረንጓዴው ፎቶ ላይ ያምራል፣ ግን አንዳንዱ ኩሬ ፒኤቹ (የአሲድነት መለኪያው፣ ቁጥሩ ባነሰ መጠን አሲዱ ይበረታል) ከዜሮ በታች የሚወርድ አሲድ ነው፣ የድኙ ሽታ ጉሮሮ ይይዛል፣ ጠጣር የሚመስለው የጨው ቅርፊት አንዳንድ ቦታ ስስ ነው፣ ከስሩ የሚፈላ ውሃ አለ። በ2019 እ.ኤ.አ የወጣ ጥናት በጣም አሲዳማና ጨዋማ የሆኑት ኩሬዎች ውስጥ ሕይወት ያለው ነገር፣ ባክቴሪያ እንኳን፣ አላገኘም። ውሃ ሞልቶ ምንም የማይኖርበት ቦታ ማለት ነው፣ ለኔ ከየትኛውም ጭራቅ የሚያስፈራው ይሄ ነው፣ ብዙዎቻችን ግን ቀለሙን ብቻ ነው የምንኮርጀው።

የመጨረሻው የሚያናድደኝ ደግሞ ጀግናው ሁሌ የመጀመሪያው ሰው መሆኑ ነው። ዳሎል አጠገብ ባለው የጨው ሜዳ አፋሮች ጨው ይቆርጣሉ፣ ጨውን በእንጨት ፈንቅለው ያነሱና በመጥረቢያ አስተካክለው ግመል ላይ ይጭናሉ፣ አሞሌ ለስንት ዘመን ገንዘባችን የነበረው ከዚህ ነው። ሙቀቱ ሳይበረታ በጠዋት ይጀምራሉ፣ የቱ ጋ እንደሚረገጥ የሚያውቅ ሰው ከፊት ይሄዳል። እናንተም ፕላኔታችሁ ላይ ሰው ወይ ሌላ ፍጡር ካለ አደጋው አጠገብ አኑሩት፣ የሚገባበት ሰዓት፣ የሚከተለው መንገድ፣ ከዛ የሚያወጣው ሸቀጥ፣ ለልጁ የሚከለክለው ነገር ይኑረው። ረቂቃችሁ ውስጥ ያለው ሸለቆ እነዚህ ከሌሉት ምዕራፍ ሁለትን ከመቀጠላችሁ በፊት ተመለሱና እዛ ጠርዝ ላይ ለሚኖር ቤተሰብ አንድ ተራ የስራ ቀን ጻፉለት፣ ጀግናው ከነሱ በኋላ ይምጣ።