ፓኮራ ሲጠብሱ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ፓኮራ አትክልትን ቅመም በገባበት የሽምብራ ዱቄት ሊጥ ሸፍኖ በብዙ ዘይት የሚጠበስ የሕንድ ምግብ ነው። የሚያስፈልገው ነገር ጥቂት፣ አሠራሩም አጭር ነው። ያም ሆኖ ቤት ውስጥ ሲሠራ ብዙ ጊዜ ዘይት የጠጣ፣ ውስጡ ጥሬ ወይም ገና ሳይቀርብ የላሸቀ ይሆናል። የአብዛኛው ጥፋት መነሻ ውሃ ነው፤ በሊጡ ውስጥ የበዛ፣ በአትክልቱ ላይ የቀረ፣ ወይም ከተጠበሰ በኋላ በእንፋሎት መልክ መውጫ ያጣ ውሃ።

ለሽንኩርት ፓኮራ የሚሆን መነሻ ልኬት ይኸውና፦ 500 ግራም ቀይ ሽንኩርት፣ 150 ግራም የሽምብራ ዱቄት፣ 2 የሾርባ ማንኪያ የሩዝ ዱቄት፣ 1 የሻይ ማንኪያ ጨው፣ 1 የሻይ ማንኪያ ከሙን፣ 1 የሻይ ማንኪያ ሰበር ሰበር የተደረገ ድንብላል፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ነጭ አዝሙድ፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ እርድ፣ እንደ ፍላጎት በርበሬና በደቃቁ የተከተፈ ቃሪያ።

1. ለሽንኩርቱ ውሃ አስቀድሞ መጨመር

ትልቁ ስህተት ይህ ነው። ብዙ ሰው ዱቄቱን በውሃ ካቀጠነ በኋላ ሽንኩርቱን ይከትበታል። ሽንኩርት ግን ጨው ሲነካው የራሱን ውሃ ስለሚለቅ፣ መጀመሪያ ልክ የነበረው ሊጥ ከደቂቃዎች በኋላ ይቀጥንና ዘይት ውስጥ ይበታተናል።

ቅደም ተከተሉን ይገልብጡት። ሽንኩርቱን 3 ሚሊ ሜትር ያህል አድርገው በቁመቱ ይክተፉ፣ ክሮቹን በእጅ ይለያዩ፣ በጨው ቀለል አድርገው ይሹና ለ15 ደቂቃ ይተዉት። ለስለስ ብሎ ሲረጥብ ያወጣውን ውሃ ሳይደፉ ቅመሙን ጨምሩበት፤ ዱቄቱንም ሁለት ሦስት ጊዜ ከፋፍለው ይነስንሱበት። ከዚያ በኋላ ውሃ በሾርባ ማንኪያ ብቻ ነው የሚጨመረው፤ አብዛኛውን ጊዜ ከ2 እስከ 4 ማንኪያ ይበቃል። ልክ ሲሆን ሽንኩርቱ ሊጥ ውስጥ አይዋኝም። እያንዳንዱ ክር ስስ ሽፋን ለብሶ የሽንኩርቱ ቅርጽ በግልጽ ይታያል፤ በጣት ቆንጠር ሲያደርጉት ተያይዞ ይነሳል፣ ሳህኑ ሥር የሚጠራቀም ፈሳሽም አይኖርም። እዚህ ደረጃ ላይ ሲደርስ ወዲያው ይጥበሱት፤ ከቆየ ሽንኩርቱ እንደገና ውሃ ያወጣል። ከቀጠነ አንድ ማንኪያ ዱቄት መጨመር ያስተካክለዋል።

2. ያንኑ ሊጥ ለሁሉም አትክልት መጠቀም

ድንች፣ ብርንጃልና የአበባ ጎመን ተነክረው ስለሚጠበሱ የሚፈስ ሊጥ ይፈልጋሉ። ለ200 ግራም የሽምብራ ዱቄት 220 ሚሊ ሊትር ያህል ውሃ ያዘጋጁ። መጀመሪያ ግማሹን ብቻ ጨምረው የተቋጠረው የዱቄት እብጠት እስኪጠፋ በደንብ ይምቱት፤ ወፍራም ሊጥ ውስጥ እብጠት በቀላሉ ይፈርሳል፣ ቀጭን ውስጥ ግን ያመልጣል። ከዚያ ቀሪውን በጥቂት በጥቂቱ ያክሉ። ማንኪያ ነክረው ጀርባውን በጣት ሲያሰምሩበት መስመሩ ሳይገጥም ከቆየ ልክ ነው። ዱቄቱ ውሃውን እንዲጠጣ 10 ደቂቃ ያሳርፉት፤ ከወፈረ አንድ ማንኪያ ውሃ ይመልሱለት።

3. እርጥብ ወይም ወፍራም አትክልት

ታጥቦ ያልደረቀ አትክልት ሊጥ አይይዝም፤ ሽፋኑ ተገፎ ዘይት ላይ ይቀራል። ስፒናችን በንጹሕ ጨርቅ አንድ በአንድ ያድርቁ። ዙኪኒ ከተፈቀፈቀ በጨው አሽተው 10 ደቂቃ አቆይተው አጥብቀው ይጭመቁት። ድንች ከ3 ሚሊ ሜትር ከወፈረ ሽፋኑ ሲጠቁር ውስጡ ጥሬ ነው። የአበባ ጎመን ዘለላዎችን በፈላ ውሃ 2 ደቂቃ ነከር አድርገው ሙሉ በሙሉ ያድርቁ።

4. ቤኪንግ ሶዳ ማብዛት

ሶዳ ሊጡን ያስነሳል፤ ሲበዛ ግን የተቦረቦረው ሽፋን ዘይት ይመጥጣል፣ የሳሙና ዓይነት ጣዕምም ይመጣል። እርድ ከገባበት ደግሞ ቀለሙ ወደ ቀይ ቡናማ ይቀየራል፤ ፓኮራው ሳይበስል የበሰለ መስሎ የሚያታልለው በዚህ ምክንያት ነው። ለ200 ግራም ዱቄት ሩብ የሻይ ማንኪያ የመጨረሻው ልክ ነው። ለሽንኩርት ፓኮራ ጭራሽ አያስፈልግም። ኮሽ እንዲል የሚያደርገው የሩዝ ዱቄቱ ነው፤ ከመጥበሻው ላይ 1 የሾርባ ማንኪያ ትኩስ ዘይት ሊጡ ላይ ማፍሰስም ይረዳል።

5. ጥሬ ሊጥ መቅመስ

ጥሬ የሽምብራ ዱቄት ስለሚመር ጨውና ቅመሙን በትክክል አያሳይም፤ ጥሬ ዱቄት መቅመስም ለጤና አይመከርም። አንድ ትንሽ ፓኮራ ጠብሰው ይቅመሱና ቀሪውን ያስተካክሉ።

6. የዘይቱን ሙቀት በግምት መተው

ትክክለኛው ሙቀት ከ170 እስከ 180 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ነው። ሊጡ ዘይት ሲነካ ውስጡ ያለው ውሃ ተኖ ይወጣል፤ ያ ወደ ውጭ የሚገፋ እንፋሎት ዘይቱ ወደ ውስጥ እንዳይገባ ይከላከላል። ዘይቱ ከቀዘቀዘ እንፋሎቱ ይደክማል፣ ሽፋኑም ቶሎ አይደርቅም፤ ስለዚህ ዘይት ይጠጣል። በጣም ከጋለ ደግሞ የሽምብራ ዱቄትና በርበሬ ቶሎ ስለሚያሩ ላዩ ይመራል፣ ውስጡ ጥሬ ይቀራል።

ቴርሞሜትር ከሌለ ጠብታ ሊጥ ይጣሉበት። ሥር ከተቀመጠ ይጠብቁ፤ ወዲያው ከጠቆረ እሳቱን ይቀንሱ፤ ዙሪያውን አረፋ እየሠራ በሁለት ሦስት ሴኮንድ ውስጥ ብቅ ካለ ይጀምሩ። ዘይቱ 5 ሴንቲ ሜትር ያህል ጥልቀት ይኑረው፤ ከድስቱ ግማሽ ግን አይለፍ። እሳት ከያዘው በፍጹም ውሃ አይድፉበት፤ ምድጃውን አጥፍተው በክዳን ይክደኑት።

7. ማጨናነቅና ቶሎ መነካካት

ብዙ ፓኮራ አንድ ጊዜ ሲገባ ዘይቱ ይቀዘቅዛል። የዘይቱ ፊት ግማሽ ያህሉ ክፍት ይሁን። በመጀመሪያው 40 ሴኮንድ አያማስሉት፤ ሽፋኑ ገና ስላልያዘ ይላጣል። ከዚያ እያገላበጡ በጠቅላላው ከ4 እስከ 5 ደቂቃ ይጥበሱት። የአረፋው ድምፅ ሲቀንስ አብዛኛው ውሃ ወጥቷል ማለት ነው። በየዙሩ መካከል ፍርፋሪውን በጥሩ ወንፊት ይልቀሙ፤ ያረረው ፍርፋሪ ቀጣዩን ያመርረዋል።

8. ትኩሱን መቆለልና መክደን

የተጠበሰው ፓኮራ አሁንም እንፋሎት ያወጣል። ሶፍት ላይ ተደራርቦ ወይም ተከድኖ ከተቀመጠ ያ እንፋሎት ተመልሶ ሽፋኑን ያላሽቀዋል። ዘይቱ እንዲንጠባጠብ በሽቦ መደርደሪያ ላይ ሳይነካካ ይደርድሩት።

ለእንግዳ አስቀድመው ማዘጋጀት ካለብዎት በሁለት ዙር ይጥበሱ፦ በ160 ዲግሪ ቀለሙ ፈዛዛ ቢጫ እስኪሆን 3 ደቂቃ፣ ከዚያ አውጥተው ያቀዝቅዙ፤ ሊቀርብ ሲል በ180 ዲግሪ 1 ደቂቃ። የተረፈውን ለማሞቅ ማይክሮዌቭ አይሆንም፤ ያላሽቀዋል። 200 ዲግሪ በሞቀ ኦቨን ውስጥ ሳይደራረብ ከ5 እስከ 8 ደቂቃ ይበቃዋል።