መሬት ለሕዝብ ጥቅም ሲወሰድ ተገቢውን ካሳ አስልቶ መጠየቅ፦ ለባሕር ዳር ዙሪያ ባለይዞታዎች

ባሕር ዳር ወደ ዘንዘልማ፣ ወደ ወራሚትና ወደ ሰባታሚት እየሰፋች ስትሄድ፣ ማሳው ለመንገድ ወይም ለከተማ ማስፋፊያ የተፈለገበት ገበሬ አስቀድሞ የሚጠይቀው «ካሬው በስንት ታሰበ?» ብሎ ነው። ጥያቄው የሚጠበቅ ቢሆንም ሕጉ በዚያ መንገድ አያሰላም። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ በመሆኑ፣ ካሳ የሚከፈለው ለመሬቱ ዋጋ ሳይሆን በላዩ ላይ ላለው ንብረት፣ ለተደረገበት ቋሚ ማሻሻያ እና ባለይዞታው በመነሣቱ ለሚቀርበት ገቢ ነው። ስለዚህ ካሳው ተገቢ መሆኑን ለማወቅ የሚፈልግ ሰው ማሳው በዓመት የሚያስገባውን ሁሉ አንድ በአንድ መቁጠር ይኖርበታል።

ጉዳዩ የሚመራው በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ሲሆን አፈጻጸሙ በደንብ ቁጥር 472/2012 ተዘርዝሯል። አዋጁ በአዋጅ ቁጥር 1336/2016 ስለተሻሻለ ሁለቱን ጎን ለጎን ማንበብ ያስፈልጋል። በ1997 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 455 ያለፉትን 5 ዓመታት አማካይ ገቢ በ10 ያባዛ ነበር። በአዋጅ 1161 ግን በቋሚነት የሚነሣና ምትክ መሬት የማያገኝ የገጠር ባለይዞታ፣ ባለፉት 3 ዓመታት ካገኘው ዓመታዊ ገቢ ከፍተኛው ተወስዶ በ15 ይባዛለታል። ተመጣጣኝ ምርት የሚሰጥ ምትክ መሬት ከተሰጠው ደግሞ የሚከፈለው የአንድ ዓመት ገቢ ነው። ገማቹ «አማካይ» የሚል ቃል ካነሣ ባለይዞታው እዚያው ላይ ማስቆም አለበት።

የማባዣው ቁጥር ትልቅ ስለሆነ ከመነሻው ላይ የተዘለለ እያንዳንዱ ኩንታል አሥራ አምስት ጊዜ ይጎድላል። ለምሳሌ ያህል ብቻ፣ 2 ቃዳ ማለትም ግማሽ ሄክታር ማሳ ያለው ገበሬ በክረምት 20 ኩንታል በቆሎ፣ በበጋ ደግሞ በመስኖ 50 ኩንታል ሽንኩርት ያገኛል እንበል። በቆሎው በኩንታል 4,000 ብር፣ ሽንኩርቱ 3,000 ብር ቢታሰብ፣ ዓመታዊው ገቢ 80,000 እና 150,000 ተደምሮ 230,000 ብር ይሆናል፤ ይህም በ15 ሲባዛ 3,450,000 ብር ይመጣል። ቆጠራው የተካሄደው በክረምት ሆኖ የበጋው ሽንኩርት ካልተመዘገበ ግን የሚደርሰው 1,200,000 ብር ብቻ ነው። በጣና ዳር የዚህ ዓይነቱ መዘለል እጅግ ያሳስባል፤ ምክንያቱም ባሕሩ ሲሸሽ በቀረው እርጥበት ሽምብራ ወይም ጓያ የሚዘራበት መሬት በነሐሴ ለሚመጣ ባለሙያ ውኃ የተኛበት ሜዳ ብቻ መስሎ ይታያል።

ገቢው የሚታመነው ደግሞ በማስረጃ ነው። የይዞታ ማረጋገጫ ደብተሩ ላይ የሰፈረው ስፋት ከመሬቱ ጋር መግጠሙን አስቀድሞ ማረጋገጥ፣ የባልና የሚስት ስም መኖሩን ማየት፣ ከቀበሌው ግብርና ባለሙያ የምርታማነት መረጃ በጽሑፍ መጠየቅ፣ የማዳበሪያና የምርጥ ዘር ደረሰኝ፣ የሽያጭ ወረቀት፣ የውኃ መሳቢያ ሞተርና የነዳጅ ወጪ ሰነድ ማሰባሰብ ይገባል። ሰብሉ በማሳው ላይ እያለ በየወቅቱ ፎቶ ማንሣትም ይረዳል፤ ደረሰኝ የማያስቀምጥ ገበሬ ብዙ ነውና ይህ ቀላል ነገር ትልቅ ክፍተት ይሞላል።

ቋሚ ተክል ለብቻው ይቆጠራል። የወራሚት ማንጎ፣ የዘጌ ቡናና ጌሾ ሲመዘገቡ ፍሬ የሚሰጠውና ገና ችግኝ የሆነው ተለይቶ፣ የእያንዳንዱ ዕድሜ ተጽፎ መሆን አለበት፤ ምርት መስጠት የጀመረ ዛፍ እንደ ችግኝ ከተጻፈ ግምቱ በእጅጉ ይወርዳል። የውኃ ጉድጓድ፣ የመስኖ ቦይ፣ እርከንና የድንጋይ አጥርም ይካተታሉ። የቤት ካሳ የሚታሰበው ቤቱን ዛሬ እንደ አዲስ ለመሥራት በሚጠይቀው ወጪ ነው።

በአዋጁ መሠረት ባለይዞታው ቦታውን ከማስረከቡ ቢያንስ 1 ዓመት በፊት ስለ ፕሮጀክቱ ሊመካከሩት ይገባል፤ ካሳውም ሳይነሣ አስቀድሞ ይከፈላል። የመልቀቂያ ማስታወቂያ ከደረሰው በኋላ የሚሠራው ቤት ወይም የሚተክለው ተክል ግን አይካስም፤ ስለሆነም በዚያ ላይ ገንዘብ ማፍሰስ ኪሳራ ነው። በቆጠራው ዕለት ቤተሰቡ ሁሉ በማሳው ላይ ተገኝቶ ዝርዝሩን በመስመር በመስመር እየሰማ ይከታተል። የነጠላ ዋጋው መቼ እንደወጣ መጠየቅም አይዘንጋ፤ ገበያው ብዙ ጨምሮ ሳለ በቆየ ዋጋ የተሠራ ግምት፣ ስሌቱ ትክክል ቢሆን እንኳ ውጤቱ ፍትሐዊ አይሆንም። ሌሎች ስለፈረሙ ብቻ መፈረም፣ በተለይም ማንበብ ለማይችሉ አረጋውያንና ባሎቻቸው ለሞቱባቸው እናቶች፣ ብዙ ጉዳት የሚያመጣ ነገር ነው፤ የሚያምኑት አንባቢ አብሯቸው ይቁም።

በግምቱ የማይስማማ ሰው የመልቀቂያ ትእዛዙ በደረሰው በ30 ቀናት ውስጥ ለቅሬታ ሰሚው አካል፣ ከዚያም ለይግባኝ ሰሚው ጉባኤ ማመልከት ይችላል። ማመልከቻው «ካሳው አነሰኝ» ከሚል ይልቅ የተዘለለውን ሰብል፣ የተሳሳተውን ስፋት ወይም የተወሰደውን ዓመት ጠቅሶ የራሱን ስሌት ጎን ለጎን ያቅርብ፤ አንዱ ቅጂም መሥሪያ ቤቱ መቀበሉን የሚያሳይ ማኅተምና ቀን ተደርጎበት በአመልካቹ እጅ ይቅር።