የሀርላን ፍርስራሽ በቪዲዮ እንዴት መቅረጽ ይቻላል?

ሀርላን መጀመሪያ የቀረጽኳት በቀትር ነበር። ከድሬዳዋ ብዙም የማትርቅ የገጠር መንደር ናት። ማታ ቤት ገብቼ ቪዲዮውን ስከፍት የታየኝ የድንጋይ ክምር ብቻ ሆነ። የጥንቱ ግድግዳ ከመሬቱ አይለይም። ቀኑን ሙሉ የለፋሁበት ሥራ ገደል ገባ።

አሁን እንዲህ ነው የምሠራው።

መጀመሪያ ፈቃድ። ከባህልና ቱሪዝም ቢሮ ደብዳቤ ያዙና ቀበሌውንም አናግሩ። ድሮን ካላችሁ ለብቻው ፈቃድ ይጠይቃል።

ቀጥሎ ያለ ካሜራ አንድ ቀን ሂዱ። ከመሄዳችሁ በፊት ግን ስለ ቦታው አንብቡ። በእንግሊዝ ኤክሰተር ዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ቲሞቲ ኢንሶል የመሩት ቡድን የ12ኛው ክፍለ ዘመን መስጊድ እዚህ ማግኘቱን እ.ኤ.አ. በ2017 ይፋ አድርጓል። የመስታወት ዶቃ፣ የባሕር ዛጎል፣ ከቻይና የመጣ የሸክላ ስባሪ፣ የ13ኛው ክፍለ ዘመን የግብፅ ሳንቲምም ተገኝቷል። እስቲ አስቡት፤ ዛሬ ማሽላ የሚዘራበት መሬት በዚያ ዘመን ከቀይ ባሕር ማዶ ጋር ይነግድ ነበር! ይህን የሚያውቅ ሰው ካሜራውን የት እንደሚያዞር አይቸገርም።

ሦስተኛው ብርሃን ነው፤ እኔ የተሸወድኩትም እዚህ ላይ ነው። ጠዋት ከ12 ሰዓት ተኩል እስከ 2 ሰዓት ተኩል፣ ከሰዓት ደግሞ ከ10 ሰዓት በኋላ ቅረጹ። ፀሐይ ዝቅ ስትል ከእያንዳንዱ ድንጋይ ጎን ጥላ ይወድቃል። በቀትር ያልታየው የግድግዳ መስመር ማዕዘኑ ሳይቀር ቁልጭ ብሎ ይወጣል። ፀሐይዋን ከጀርባችሁ ሳይሆን ከጎናችሁ አድርጓት።

አቀራረጹን ከሩቅ ጀምሩ። መጀመሪያ ተራራውና መንደሩ፣ ከዚያ ግድግዳው፣ በመጨረሻ ትንሿ ነገር። ትንሽ ዕቃ ስትቀርጹ አጠገቡ ማስመሪያ አድርጉ። አለዚያ የምስር ፍሬ የምታክል ዶቃ ስክሪን ላይ እንቁላል ትመስላለች።

አሁን ሰዎቹ። ኦሮምኛ ካልቻላችሁ የሚችል ሰው ይዛችሁ ሂዱ። ሽማግሌዎቹ እነዚህን ትልልቅ ድንጋዮች ግዙፍ ሰዎች እንደደረደሯቸው ሲወርድ ሲዋረድ የመጣ ታሪክ ያወሩላችኋል። ቁፋሮው ግዙፍ ሰው አላገኘም። ቢሆንም ታሪኩን አታቋርጡ፣ ስታቀናብሩም አትቁረጡት። ያንን መሬት እስከ ዛሬ በስሙ ያቆየው የእነሱ ወሬ ነው።

ድምፅ ብዙ ሰው ይረሳል። ሐረር ጁገል ውስጥ ከቀረጻችሁ ማኪና ግርግር የሚባለው መንገድ ላይ ቁሙና የልብስ ስፌት መኪናዎቹን አንድ ደቂቃ ሙሉ ዝም ብላችሁ ቅዱ። መንገዱ ስሙን ያገኘው ከዚያ ድምፅ ነው። ሀርላ ላይ ደግሞ ንፋሱንና የፍየሎቹን ድምፅ ያዙ።

አደራ የምላችሁ ነገር አለ። መሬት ላይ ያገኛችሁትን ስባሪ አታንሱ። ከቦታው ከተነሳ ለአጥኚ የሚነግረው ነገር ግማሹ ይጠፋል። እንደ ለጋ ኦዳ ያሉ የዋሻ ሥዕሎችን ቀለማቸው እንዲደምቅ ብላችሁ ውሃ አትርጩባቸው፣ በእጅም አትንኳቸው። ጠባቂ የሌለውን ቦታ ደግሞ መግቢያውን አታሳዩ፤ የስልካችሁንም ሎኬሽን አጥፉ። ቆፍሮ የሚሸጥ ሰው ቪዲዮ ያያል።

ሥራውን ከመልቀቃችሁ በፊት በስልክ ጭናችሁ ወደ መንደሩ ተመለሱ። ያናገሯችሁ አባት ቁጭ ብለው ይዩት። የቦታ ስም ብትሳሳቱ እዚያው ያርሟችኋል።