ስለ ክርስትና እምነትና ስለ ፍልስፍና ሲነገር ሊወገዱ የሚገባቸው ስህተቶች

በሰንበት ትምህርት ቤትም ሆነ በግቢ ጉባኤ፣ በተማሪዎች ፌሎሺፕም ሆነ በዩኒቨርሲቲ የፍልስፍና ክፍል፣ «ክርስቲያን ፍልስፍናን ሊያጠና ይገባዋልን?» የሚለው ጥያቄ ሲነሣ ክርክሩ የሚበላሸው ብዙውን ጊዜ በሚቀርበው ማስረጃ ነው። አንዱ ወገን ግማሽ ጥቅስ ይዞ ይመጣል፤ ሌላው ማን እንደ ተናገረው ያልተጣራ አባባል ይመዝዛል። የጥንት አባቶች ፍልስፍናን በጅምላ አልተቀበሉም፣ በጅምላም አልጣሉም፤ እያንዳንዱን አሳብ ለብቻው መርምረው የሚወሰደውን ወስደዋል፣ የሚጣለውን ጥለዋል። ቀጥሎ የምንመለከታቸው ስህተቶች በአመዛኙ ይህንን ከመዘንጋት የሚመጡ ናቸው።

የመጀመሪያውና በብዛት የሚሰማው ስህተት ቆላስይስ 2፥8ን ከምዕራፉ ነጥሎ ፍልስፍናን ሁሉ የሚከለክል ሕግ ማድረግ ነው። ሐዋርያው በዚያ ቦታ የሚያስጠነቅቀው በሰው ወግ ላይ የቆመና ከክርስቶስ የሚያርቅ ትምህርት ምእመናኑን እንዳይማርካቸው ሲሆን፣ ጥቂት ቁጥሮች ወረድ ብሎ ያ ትምህርት ምን ዓይነት እንደ ነበረ ራሱ ያመለክታል፤ ስለ መብልና ስለ መጠጥ፣ ስለ በዓልና ስለ ወር መባቻ በሰው ላይ መፍረድ፣ ለመላእክት አምልኮ ማቅረብ፣ «አትንካ፣ አትቅመስ» የሚል ሥርዓት ማብዛት። ይህ የፕላቶን ወይም የአርስጣጣሊስ ትምህርት አይደለም። ያው ጳውሎስ ደግሞ በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 17 እንደ ተጻፈው በአቴና ከኤፊቆሮስና ከኢስጦኢኮች ወገን ከሆኑ ፈላስፎች ጋር ተነጋግሯል፤ በአርዮስፋጎስ ቆሞ ሲያስተምርም «እኛ ደግሞ ዘመዶቹ ነንና» የሚለውን ቃል ከግሪክ ቅኔ ጠቅሷል። ይህ ቃል የሚገኝበትን ግጥም የጻፈው አራጦስ እንደ ጳውሎስ ሁሉ የኪልቅያ ሰው ሲሆን፣ ስንኙን የደረሰው ግን ስለ ዜውስ ነበር። ሐዋርያው ከአረማዊ ግጥም ውስጥ እውነት የሆነውን ወስዶ ለእውነተኛው አምላክ ለመስጠት አላመነታም። በዚያው ስብከት መጨረሻ የሙታንን ትንሣኤ ሲናገር ግን አንዳንዶች አፌዙበት፤ እርሱም እነርሱን ደስ ለማሰኘት ብሎ ያለሰለሰው ነገር የለም። መስማማቱም መለያየቱም በአንድ ስብከት ውስጥ ስላሉ፣ አንዱን ብቻ ነቅሶ የሚያስተምር መምህር የጳውሎስን አሳብ ይከፍለዋል።

ሁለተኛው ስህተት በሰሜን አፍሪካ የነበረው ጥንታዊ የክርስትና ጸሐፊ፣ የቅርጣግናው ጠርጡሊያኖስ፣ «የማይረባ ስለሆነ አምናለሁ» ብሏል እያሉ መጥቀስ ነው። ይህን የሚጠቅሱት እምነትን ከአእምሮ ጋር የተጣላ አድርገው የሚያሞግሱ ሰባኪዎችም፣ እምነትን በዚያው ምክንያት የሚነቅፉ ተከራካሪዎችም ናቸው፤ ሁለቱም ተሳስተዋል። ጠርጡሊያኖስ ይህን ቃል በዚህ መልክ አልጻፈውም፤ አባባሉ የተቀረጸው በኋለኛው ዘመን ነው። እርሱ በ3ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ ገደማ የጻፈው፣ ክርስቶስ እውነተኛ ሥጋ አልነበረውም ከሚለው ከመርቅያን ትምህርት ጋር በሚከራከርበት ቦታ፣ የእግዚአብሔር ልጅ መሞቱ ለሰው ጥበብ የማይገባ ነገር ስለሆነ የሚታመን ነው፣ ከመቃብር መነሣቱም የማይቻል ስለሆነ እርግጥ ነው የሚል ነው። መርቅያን «መወለድና መሞት ለአምላክ ክብር አይመጥንም» ሲል፣ ጠርጡሊያኖስ እግዚአብሔር የዓለምን ሞኝነት መረጠ የሚለውን የጳውሎስን ቃል ይዞ መለሰለት። እንዲያውም አንዳንድ ተመራማሪዎች ይህ አነጋገር አርስጣጣሊስ ስለ ንግግር ጥበብ በጻፈው መጽሐፍ ውስጥ ከሚገኝ የሙግት ስልት ጋር እንደሚመሳሰል አመልክተዋል፤ የማይመስል ነገር በሰው ዘንድ ሲነገር ከተገኘ፣ ማንም እንዲህ ያለ ነገር ፈጥሮ ስለማያወራ፣ እውነት ሊሆን ይችላል የሚል ስልት ነው። «አቴና ከኢየሩሳሌም ጋር ምን አላት?» የሚለው ዝነኛ ጥያቄ በእርግጥ የእርሱ ነው። ነገር ግን ጠያቂው ራሱ ስለ ነፍስ ሲጽፍ የኢስጦኢኮችን አስተሳሰብ በሰፊው ተጠቅሟል፤ ሮማዊውን ፈላስፋ ሴኔካንም «ብዙ ጊዜ የእኛ ነው» ብሎታል። ከእርሱ በፊት የነበረው ዮስጢኖስ ሰማዕት ደግሞ ከአንዱ የፍልስፍና መምህር ወደ ሌላው ሲዘዋወር ቆይቶ ክርስቲያን ከሆነ በኋላም የፈላስፎችን ካባ አላወለቀም፤ እ.ኤ.አ. በ165 ዓ.ም. ገደማ በሮም በሰማዕትነት ያለፈውም ስለዚሁ እምነቱ ነው።

ከዚህ ተቃራኒ የሆነው ስህተት የክርስትና ዶግማ (የተደነገገ የእምነት ትምህርት)፣ በተለይም ምሥጢረ ሥላሴ፣ ከግሪክ ፍልስፍና የተቀዳ ነው የሚለው ነው። አነጋገሩ የተማረ ሰው አነጋገር ስለሚመስል ብዙዎችን ያሳምናል፤ ታሪኩን ቀረብ ብሎ ለሚያይ ግን አይቆምም። እ.ኤ.አ. በ325 ዓ.ም. በኒቅያ የተሰበሰቡት አባቶች፣ በቅዳሴያችን «ዘዕሩይ ምስለ አብ በመለኮቱ» (በመለኮቱ ከአብ ጋር የተካከለ) እያልን የምንመሰክረውን አንቀጽ ሲደነግጉ በመጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ በቀጥታ የማይገኝ የግሪክ ቃል መርጠዋል፤ ይህ እውነት ነው። ምክንያቱን ግን ቅዱስ አትናቴዎስ ጽፎልናል። አባቶች አስቀድመው በመጽሐፍ ቃላት ብቻ ሊናገሩ ፈልገው ነበር፤ ሆኖም ወልድ ፍጡር ነው ይል የነበረው የአርዮስ ደጋፊዎች በእያንዳንዱ ቃል ላይ እየተንሾካሾኩና እየተጠቃቀሱ «ይህንንም በእኛ ትርጉም እንቀበለዋለን» ይሉ ነበርና፣ ማምለጫ የማይሰጥ ቃል ማግኘት ግድ ሆነ። ቃሉ ከውጭ የመጣ ቢሆንም እንዲጠብቅ የተሾመበት አሳብ የወንጌል ነው። በእኔ አስተያየት ለግሪክ ፈላስፎች ይበልጥ የሚዋጥላቸው የአርዮስ ትምህርት ነበር፤ ከሁሉ በላይ የሆነና ከማንም ጋር ባሕርዩን የማይካፈል አንድ አምላክ፣ ከእርሱም በታች ከፍጥረት ጋር የሚያገናኝ መካከለኛ። አውግስጢኖስም በኑዛዜው 7ኛ መጽሐፍ በፕላቶናውያን መጻሕፍት ውስጥ «በመጀመሪያ ቃል ነበረ» ከሚለው ጋር የሚቀራረብ አሳብ እንዳገኘ፣ «ቃልም ሥጋ ሆነ» የሚለውን ግን እንዳላገኘ ይናገራል። የብድሩ ልክ እስከምን ድረስ እንደ ሆነ ከዚህ የተሻለ የሚያሳይ ምስክር አላውቅም።

ሌላው ስህተት የእግዚአብሔርን መኖር የሚያስረዱ የፍልስፍና ሙግቶችን ከእምነቱ ከራሱ ጋር ማምታታት ነው። ወጣቶች በተለይ ከመካከለኛው ዘመን የካቶሊክ ሊቅ ከቶማስ አኩዊናስ «አምስቱን መንገዶች» የተባሉትን ሙግቶች ያጠኑና ክርስትናን በሙሉ በሙግት ማረጋገጥ የሚቻል ይመስላቸዋል። አኩዊናስ ራሱ ግን ሥላሴ በአእምሮ ብቻ ሊረጋገጥ እንደማይችል፣ ዓለም መጀመሪያ እንዳለውም በእምነት እንጂ በማስረጃ እንደማይታወቅ በግልጽ ጽፏል፤ ደካማ ማስረጃ ማቅረብም እምነቱን የማያምኑ ሰዎች መሳለቂያ እንደሚያደርገው አስጠንቅቋል። ከዚህም አልፎ፣ አእምሮ ሊደርስበት የሚችለው እውነት እንኳ ያለ መገለጥ ቢተው ኖሮ የሚያገኙት ጥቂት ሰዎች፣ ያውም ከረጅም ጊዜ በኋላና ከብዙ ስህተት ጋር ተቀላቅሎ እንደሚሆን ተናግሯል። ቀኑን ሙሉ ሲያርስ ለሚውል ገበሬ ወይም ልጆቿን ለምታሳድግ እናት እምነታቸው በፈላስፋ ሙግት ላይ የተንጠለጠለ አይደለም ማለቱ ነው።

በመጨረሻ፣ ፍልስፍና ለኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ባዕድ ነው የሚለው አነጋገርም መታረም አለበት። የሶቅራጥስ፣ የፕላቶንና የአርስጣጣሊስ ናቸው የተባሉ ምክሮች ከአባቶች ቃል ጋር ተሰብስበው የሚገኙበት «መጽሐፈ ፈላስፋ» በ16ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ ከዐረብኛ ወደ ግእዝ ተተርጉሟል። ለዚሁ ሙግት የ17ኛው መቶ ዘመን ኢትዮጵያዊ ፈላስፋ ነው የሚባለውን የዘርዓ ያዕቆብን «ሐተታ» ማንሣትም የተለመደ ነው፤ ነገር ግን ኢጣሊያዊው ሊቅ ኮንቲ ሮሲኒ እ.ኤ.አ. በ1920 መጽሐፉ በ19ኛው መቶ ዘመን በኢትዮጵያ የነበረው ካፑቺን (የካቶሊክ መነኮሳት ማኅበር አባል) ሚሲዮናዊ የጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ድርሰት ነው ብሎ ከጻፈ ወዲህ፣ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ያስተማሩት ክላውድ ሰምነር በብርቱ ቢሟገቱለትም፣ ክርክሩ አልተዘጋም። ሐተታውን በማስረጃነት የሚያቀርብ ሰው ይህንን ለአድማጮቹ መንገር ይገባዋል። ደራሲው ማንም ይሁን ማን፣ መጽሐፉን የክህደት ሰነድ አድርጎ ማቅረብ ግን አያስኬድም፤ የሐተታው ተናጋሪ በተሸሸገበት ዋሻ ውስጥ የሚጸልየው በመዝሙረ ዳዊት ነውና።