ቢጫ የመንገድ መስመሮች ለአሽከርካሪ ምን ይላሉ?

ቢጫ መስመር ስታዩ መጀመሪያ ልብ የምትሉት የተሰመረበትን ቦታ ነው። መሃል መንገድ ላይ ከሆነ ጉዳዩ ከፊት ለፊት የሚመጣው መኪና ነው። ጠርዝ ላይ ከሆነ ጉዳዩ መቆም ነው። መስቀለኛ መንገድ ላይ እንደ መረብ ተስሎ ከሆነ እዚያ ውስጥ መቆም ክልክል ነው። ነባሩን ነጭ መስመር እያቋረጠ የሚሄድ ከሆነ ደግሞ የመንገድ ሥራ ሊኖር ይችላል። ከቦታው ቀጥሎ ቅርጹን ተመልከቱ፦ የተቆራረጠ ነው ወይስ ያልተቆራረጠ? ነጠላ ነው ወይስ ድርብ?

የምትነዱበት አገርም ለውጥ ያመጣል። እ.ኤ.አ. በ1968 በቪየና የተፈረመው የመንገድ ምልክቶች ስምምነት የመንገድ ቅብ ነጭ ወይም ቢጫ እንዲሆን ይላል፤ ሁለቱንም የሚጠቀም አገር ለአንድ ዓይነት ምልክት አንድ ቀለም ብቻ እንዲይዝም ያዛል። የትኛው ቀለም ለምን እንደሚውል ግን አገሮች በየራሳቸው ወስነዋል። በአንድ አገር መንጃ ፈቃድ ያወጣ ሰው ሌላ አገር ሄዶ የሚሳሳተውም እዚህ ላይ ነው።

መሃል መንገድ ላይ ያለ ቢጫ

በአሜሪካና በካናዳ ቢጫ በተቃራኒ አቅጣጫ የሚሄዱትን ይለያል፤ ነጭ ደግሞ በአንድ አቅጣጫ የሚሄዱትን። አሜሪካ ይህን በመላ አገሪቱ አንድ ወጥ ያደረገችው እ.ኤ.አ. በ1971 ባወጣችው የትራፊክ ምልክቶች መመሪያ ነው። በግራችሁ ቢጫ ካለ፣ ከመስመሩ ወዲያ ያለው ረድፍ ወደ እናንተ የሚመጡት መኪኖች ነው።

የተቆራረጠ ነጠላ ቢጫ ከሆነ ከሁለቱም አቅጣጫ የሚመጡ አሽከርካሪዎች ፊታቸው ነጻ ሲሆን መቅደም ይችላሉ። ያልተቆራረጠ ድርብ ቢጫ ከሆነ ማንም መቅደም አይችልም። አንዱ የተቆራረጠ ሌላው ያልተቆራረጠ ሆኖ ጎን ለጎን ከተሰመሩ የሚመለከታችሁ ወደ እናንተ የቀረበው ነው፦ የቀረባችሁ የተቆራረጠው ከሆነ መቅደም ትችላላችሁ፣ ያልተቆራረጠው ከሆነ አትችሉም። በድርብ ያልተቆራረጠ መስመር ላይ አቋርጦ ወደ ግራ በመታጠፍ ወደ ግቢ ወይም ወደ መጋቢ መንገድ መግባት በብዙ የአሜሪካ ግዛቶች ይፈቀዳል፤ የተከለከለው ለመቅደም መሻገር ነው። በካሊፎርኒያ ግን ሁለት ጥንድ ድርብ ቢጫ መስመሮች 2 ጫማ (60 ሴንቲ ሜትር ገደማ) ወይም ከዚያ በላይ ተራርቀው ከተሰመሩ እንደ ግንብ ይቆጠራሉ። በእነሱ ላይ መታጠፍም፣ ዞሮ መመለስም አይቻልም።

የተቆራረጠው መስመር ብዙ ሰው የማያስተውለው ነገር አለው። መስመሩ መቅደም እንዳልተከለከለ ይናገራል እንጂ ለመቅደም የሚበቃ ርቀት እንዳለ ዋስትና አይሰጥም። በአሜሪካ መመሪያ መሠረት በሰዓት 60 ማይል (97 ኪሎ ሜትር ገደማ) በሚነዳበት መንገድ ላይ ያልተቆራረጠ መስመር የግድ የሚሆነው ወደፊት የሚታየው ርቀት ከ1,000 ጫማ ማለትም ከ300 ሜትር ገደማ ሲያንስ ነው። ስለዚህ 310 ሜትር ብቻ የሚያሳይ ቦታ ላይ የተቆራረጠ መስመር ልታገኙ ትችላላችሁ።

አሁን ሒሳቡን እንሥራ። በሰዓት 70 ኪሎ ሜትር የሚሄድ 18 ሜትር ርዝመት ያለው ተሳቢ ከፊታችሁ አለ፤ እናንተ በ90 ልትቀድሙት ነው። ከኋላው 25 ሜትር ርቃችሁ ትነሳላችሁ፣ 18 ሜትሩን ታልፋላችሁ፣ የራሳችሁ መኪና 5 ሜትር ይይዛል፣ ከፊቱም 25 ሜትር ትታችሁ ትገባላችሁ። በድምሩ 73 ሜትር ትርፍ መሄድ አለባችሁ ማለት ነው። የፍጥነታችሁ ልዩነት በሰዓት 20 ኪሎ ሜትር፣ በሴኮንድ 5.6 ሜትር ስለሆነ 13 ሴኮንድ ይፈጃል። በ13 ሴኮንድ እናንተ 325 ሜትር ትሄዳላችሁ፤ ከፊት በ90 የሚመጣው መኪናም እንዲሁ 325 ሜትር ይመጣል። ለመቅደም የሚያስፈልጋችሁ የሚታይ ርቀት 650 ሜትር ነው፤ መስመሩ ግን በ310 ሜትርም ፈቅዶላችኋል። ወሳኙ ዓይናችሁ ነው፤ 650 ሜትር ካልታያችሁ መስመሩ ቢፈቅድም ታገሡ።

ስትቀድሙ ከወደፊት ያልተቆራረጠው መስመር በእናንተ ወገን መጀመሩን እዩ። ከመጀመሩ በፊት ወደ ረድፋችሁ ተመልሳችሁ መግባት አለባችሁ፤ መሃል ላይ ሳላችሁ ከጀመረባችሁ ቀድሞውኑ ዘግይታችኋል። በአሜሪካ መቅደም የሚከለከልበት ክፍል የሚጀምርበትን ቦታ በግራ በኩል የቆመ ቢጫ ሦስት ማዕዘን ምልክት ሊያሳያችሁ ይችላል፤ ከአስፋልቱ ቀድሞ ስለሚታይ ዓይናችሁ እሱን ይፈልግ።

እግረ መንገዳችንን፦ የአሜሪካ የተቆራረጠ መስመር አንዱ ቁራጭ 3 ሜትር፣ ክፍተቱ 9 ሜትር ገደማ ነው፤ ከአንዱ ቁራጭ መነሻ እስከ ቀጣዩ መነሻ 12 ሜትር ይሆናል። በሰዓት 90 ኪሎ ሜትር ስትነዱ የ3 ሴኮንድ ርቀት 75 ሜትር ነው። ከፊታችሁ ካለው መኪና ጀርባ እስከ እናንተ ድረስ ስድስት ቁራጮች ካልቆጠራችሁ ተጠግታችኋል።

መሃል ላይ ያለው የመታጠፊያ ረድፍ

ሰፊ የከተማ መንገድ መሃል ላይ ራሱን የቻለ ረድፍ ታያላችሁ፤ በሁለቱም ጎኑ ከውጭ ያልተቆራረጠ፣ ከውስጥ የተቆራረጠ ቢጫ አለው። ይህ ከሁለቱም አቅጣጫ የሚመጡ አሽከርካሪዎች ወደ ግራ ለመታጠፍ የሚጋሩት ረድፍ ነው፤ ለመቅደሚያም ለመጓጓዣም አይሆንም። በካሊፎርኒያ ከ200 ጫማ፣ 60 ሜትር ገደማ፣ በላይ አይነዳበትም።

አገባቡ እንዲህ ነው። ፍሬቻ አብሩ። ከፊት ለፊት ወደዚያው ረድፍ የሚገባ መኪና መኖሩን እዩ፤ እናንተ የምትታጠፉበት ቦታ ከእሱ ቀድሞ ቢሆንም እሱ ወደ እናንተ እየመጣ መሆኑን አትርሱ። በስፖኪዮ ከኋላ ያለውን አይታችሁ መኪናውን በሙሉ ወደ ረድፉ አስገቡ፤ የኋላው ክፍል በቀጥታ ረድፍ ላይ ተንጠልጥሎ ከቀረ ከኋላ የሚመጣው ይገጫችኋል። ከተቃራኒ በኩል ክፍት ሲገኝ ታጠፉ። ብዙ ጊዜ የሚበላሸው ከመታጠፊያው በጣም ርቆ ቀድሞ በመግባት ነው፤ ሁለት አሽከርካሪዎች ተፋጠው የሚገናኙት ያኔ ነው።

በሁለቱም ጎኑ ድርብ የተቆራረጠ ቢጫ ያለው ረድፍ ካያችሁ ደግሞ አቅጣጫው እንደየሰዓቱ የሚለዋወጥ ረድፍ ነው። ከላይ የተሰቀለውን መብራት ተከተሉ፦ አረንጓዴ ቀስት ሲሆን ግቡ፣ ቢጫ ኤክስ ሲሆን ለመውጣት ተዘጋጁ፣ ቀይ ኤክስ ሲሆን አትግቡ።

መሃሉ አካፋይ ባለው መንገድ ላይ በአሜሪካ የግራ ጠርዝ ቢጫ፣ የቀኝ ጠርዝ ነጭ ነው። ቢጫው በቀኛችሁ ከሆነ በተቃራኒ አቅጣጫ ገብታችኋል። ፍጥነት ቀንሱ፣ የፊት መብራትና የአደጋ ጊዜ መብራት አብሩ፣ ወደ ቅርቡ የመንገድ ዳር ወጥታችሁ አቁሙና እርዳታ ጥሩ፤ መሃል ላይ ዞራችሁ ለመመለስ አትሞክሩ።

ጠርዝ ላይ ያለ ቢጫ

እዚህ ላይ ምሳሌ የሚሆነው የብሪታንያ ሕግ ነው፤ እዚያ የሚነዳው በግራ ሲሆን ቢጫ ከመቅደም ጋር አይገናኝም። ድርብ ቢጫ ማለት ምንም ምልክት ባይተከልም በማንኛውም ሰዓት ማቆም ክልክል ነው። ነጠላ ቢጫ ማለት በተወሰነ ሰዓት ክልክል ነው፤ ሰዓቱን አጠገቡ ካለው ምልክት ወይም ወደ ቀጠናው ስትገቡ ካለው ሰሌዳ ታገኙታላችሁ። ምልክቱ ሰዓት ብቻ ጽፎ ቀን ካልጠቀሰ እሑድንና በዓላትን ጨምሮ ሁልጊዜ ይሠራል።

ብዙ ቅጣት የሚመጣው ከአንድ አለመረዳት ነው፦ መኪናን ከመስመሩ ወዲያ፣ እግረኛ መንገዱ ላይ ወይም ሣሩ ላይ ቢያቆሙት ያመለጡ የሚመስላቸው አሉ። ክልከላው ቅቡ ካለበት እስከ መንገዱ ይዞታ ዳር ድረስ ስለሚዘልቅ እግረኛ መንገዱም ሣሩም በውስጡ ነው።

ሰው ለማውረድና ለማሳፈር ግን መቆም ይቻላል፤ ዕቃ ለመጫንና ለማራገፍም ይቻላል፣ ይህ ግን የእግረኛ መንገዱ ጠርዝ ላይ አጫጭር ቢጫ ጭረቶች ከሌሉ ነው። አንድ ጭረት በየቦታው ከተደጋገመ መጫንና ማራገፍ በተጻፈው ሰዓት ክልክል ነው፤ ሁለት ሁለት ከሆነ ሁልጊዜ ክልክል ነው። በእንግሊዝና በዌልስ የአካል ጉዳተኛ ሰማያዊ መታወቂያ ያለው ሰው በነጠላና በድርብ ቢጫ ላይ እስከ 3 ሰዓት ማቆም ይችላል፤ እነዚህ ጭረቶች ካሉ ግን አይችልም። ትምህርት ቤት በር ላይ ያለው ጠመዝማዛ ቢጫ ከሁሉም የከበደ ነው። መቆምን የሚከለክል ምልክት ከተተከለ ልጅ ለማውረድም ቢሆን አይቆምም፤ የቆመ መኪና መንገድ የሚያቋርጥን ሕፃን ከሚመጣው አሽከርካሪ ዓይን ይከልላልና።

በፈረንሳይ ጠርዙ ላይ ያልተቆራረጠ ቢጫ ከሆነ ለአፍታም አይቆምም፤ የተቆራረጠ ከሆነ ለአፍታ መቆም ይቻላል፣ መኪና ትቶ መሄድ ግን አይቻልም። በካሊፎርኒያ ቢጫ የተቀባ የእግረኛ መንገድ ጠርዝ ለመጫንና ለማራገፍ ብቻ ነው፤ የቤት መኪና የሚነዳ ሰው ብዙውን ጊዜ ከመኪናው እንዳይርቅ ይጠበቅበታል።

ቢጫ ሳጥን

መስቀለኛ መንገድ ላይ እንደ መረብ የሚሳለው ይህ ምልክት በብሪታንያ እ.ኤ.አ. ከ1967 ጀምሮ ያለ ሲሆን አሁን በብዙ አገሮች አለ። ሕጉ አንድ ነው፦ መውጫችሁ ክፍት ካልሆነ አትግቡ። አረንጓዴ መብራት ለመግባት ብቻውን በቂ አይደለም። አሽከርካሪዎች የሚሳሳቱት ዓይናቸውን መብራቱ ላይ ስለሚያደርጉ ነው። ከሳጥኑ ማዶ ተመልከቱ፤ ከፊታችሁ ያለው መኪና ከሳጥኑ ወጥቶ ከኋላው የእናንተ መኪና የሚበቃው ቦታ፣ ለቤት መኪና 6 ሜትር ገደማ፣ ሲተው ያን ጊዜ ተነሱ። ቀድሞ መነሳት የሚያተርፈው የለም፤ የፊተኛው ከቆመ ሳጥኑ ውስጥ ተቀርቅራችሁ ከጎን የሚመጡትን ሁሉ ትዘጋላችሁ። በብሪታንያ አንድ ልዩ ሁኔታ አለ፦ ወደ ቀኝ ልትታጠፉ ከሆነና መውጫችሁ ክፍት ሆኖ የሚያግዳችሁ ከፊት የሚመጣው ትራፊክ ወይም እንደ እናንተው ወደ ቀኝ ለመታጠፍ የሚጠብቅ መኪና ብቻ ከሆነ ሳጥኑ ውስጥ ገብታችሁ መጠበቅ ትችላላችሁ።

ጊዜያዊ ቢጫና ሌሎች አገሮች

በጀርመን ቢጫ መስመር የመንገድ ሥራ ላይ የሚሰመር ሲሆን ከነጩ በላይ ይሠራል። ሁለቱም ከታዩ ቢጫውን ተከተሉ፤ ነጩ የሌለ ያህል ነው። ረድፎቹ ብዙ ጊዜ ይጠባሉ፤ የመኪናችሁን ስፋት ከስፖኪዮው ጋር እወቁ፣ በግራ ረድፍ የስፋት ገደብ ምልክት ካለም አክብሩት። ፈረንሳይም ለጊዜያዊ መስመር ቢጫ ትጠቀማለች።

በጃፓን መሃል ላይ ያለ ቢጫ መስመር ለመቅደም አልፎ መሄድን ይከለክላል፤ በረድፎች መካከል ያለ ቢጫ ደግሞ ረድፍ መቀየርን ይከለክላል። በስዊዘርላንድ የእግረኛ ማቋረጫው ራሱ ቢጫ ነው፤ ነጭ ጭረት የለመደ አሽከርካሪ እንዳይዘናጋ። ኖርዌይ እንደ አሜሪካ ተቃራኒ አቅጣጫን በቢጫ ትለያለች። ፊንላንድ በመሃል መስመር ላይ ትጠቀምበት የነበረውን ቢጫ እ.ኤ.አ. በ2020 በወጣው ሕግ ወደ ነጭ ቀይራለች።

መስመሩ ሳይታይ ሲቀር

ቅቡ በማታ የሚያበራው ላዩ ላይ በተነሰነሱት ጥቃቅን የመስታወት ዶቃዎች ነው፤ የመኪናችሁን መብራት ወደ እናንተው ይመልሳሉ። ዝናብ ሲዘንብ ውኃው ዶቃዎቹን ይሸፍናቸውና ብርሃኑ ወደ ሌላ አቅጣጫ ይበተናል፤ ቀን የሚታየው መስመር ማታ በእርጥብ አስፋልት ላይ ይጠፋል። አሮጌው ብርቱካናማ የሶዲየም የመንገድ መብራት ሥርም ቢጫና ነጭ መለየት ያስቸግራል። ያኔ ከቀለሙ ይልቅ ቅርጹን እመኑ፤ ድርብ ያልተቆራረጠ መስመር በማንኛውም ብርሃን ድርብ ያልተቆራረጠ ነው።

የመንገድ ሥራ አልቆ መስመሩ ተፍቆ ሲነሳም ጠባሳው ይቀራል፤ ፀሐይ ዝቅ ስትል ይህ ጠባሳ ከእውነተኛው መስመር በላይ ሊያበራ ይችላል። የትኛው እንደሆነ ካልለየላችሁ ፍጥነት ቀንሱ፣ የጠርዙን መስመር፣ መንገዱ ላይ የተተከሉትን አንጸባራቂዎችና የተደረደሩትን ኮኖች ተከተሉ፤ ከፊት ያለውን መኪና ብቻ አምናችሁ አትከተሉ፣ እሱም እንደ እናንተው ግራ ተጋብቶ ሊሆን ይችላል። በአሜሪካ አንጸባራቂዎቹ ቀይ ሆነው ከታዩአችሁ በተሳሳተ አቅጣጫ እየሄዳችሁ ነው። በብሪታንያ ደግሞ አካፋይ ባለው ሰፊ መንገድ ላይ በአካፋዩ በኩል ብርቱካንማ፣ በግራው ጠርዝ ቀይ፣ መግቢያና መውጫ ላይ አረንጓዴ ሆነው ይታያሉ፤ መስመሩ ባይታይ እንኳ ከመንገዱ የትኛው ወገን እንዳላችሁ ከቀለማቸው መለየት ትችላላችሁ።