መርከቡ ከአደጋ ተርፎ ዕቃዎ ጅቡቲ ላይ ቢያዝ እንዴት ያስለቅቃሉ?

ከውጭ ያስመጡት ጨርቅ አልተቃጠለም፣ ውሃም አልነካውም። ኮንቴይነሩ ጅቡቲ ደርሷል፤ ዕቃ አስለቃቂው (ትራንዚተሩ) ግን «አይለቀቅም» ብሎ ድሬዳዋ ይደውላል። መርከቡ መንገድ ላይ በእሳት ተይዞ ወይም አሸዋ ላይ ተቀርቅሮ አዳኝ ኩባንያ አውጥቶት ከሆነ፣ የአዳኙን ዋጋ ባለ መርከቡ ብቻውን አይከፍልም። ባለ ዕቃዎችም እያንዳንዳቸው በተረፈላቸው ንብረት ዋጋ መጠን ይከፍላሉ።

ሰው ጥሎት የሄደውን መርከብ ያገኘ ሰው ባለቤት ይሆናል የሚባለው ወሬ ነው። በ1989ኙ ዓለም አቀፍ የሳልቬጅ (የባሕር ላይ ማዳን) ስምምነት አዳኙ የሚያገኘው ክፍያ ነው፤ እሱም ከተረፈው ንብረት ዋጋ አይበልጥም። ዋስትና እስኪቀርብለት ድረስ ግን ዕቃው መጀመሪያ ከደረሰበት ወደብ ያለ ፈቃዱ አይወጣም። የእርስዎን ኮንቴይነር የያዘው ይህ ነው።

መጀመሪያ ዋስትና የሚጠይቅዎትን ደብዳቤ በጥንቃቄ ያንብቡ። የመርከቡ ስምና የቢል ኦፍ ሎዲንግ (የመርከብ ጭነት ሰነድ) ቁጥሩ ከእርስዎ ሰነድ ጋር መግጠም አለባቸው። ገንዘብ የሚጠይቅ የባንክ ቁጥር ካለበት፣ ደብዳቤው ላይ ባለው ስልክ ሳይሆን አስቀድመው በሚያውቁት የመርከብ ወኪል ስልክ ደውለው ያረጋግጡ።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ቀጥሎ ነው። የሚጠየቁት ዋስትና ሁለት ነው፤ አንዱ ለአዳኙ (ሳልቬጅ)፣ ሌላው ለጀነራል አቬሬጅ፣ ማለትም ሁሉንም ለማትረፍ ሆን ተብሎ ለወጣ ወጪና ለተሠዋ ንብረት። አንዱን አሟልቶ «ጨረስኩ» ያለ ሰው ኮንቴይነሩ እዚያው ይቀራል። በ2018 አረቢያ ባሕር ላይ በተቃጠለው ማርስክ ሆናም በተባለው መርከብ ላይ ከዕቃው ዋጋ ለሳልቬጅ 42.5፣ ለጀነራል አቬሬጅ 11.5 በመቶ ተጠይቆ ነበር። የ100,000 ዶላር ዕቃ ያለው ነጋዴ የ54,000 ዶላር ዋስትና ማቅረብ ነበረበት ማለት ነው።

ኢንሹራንስ ካለዎት ይህን ገንዘብ ከኪስዎ አያወጡም። ደብዳቤውን፣ ፖሊሲውን፣ ኢንቮይሱን፣ የማሸጊያ ዝርዝሩንና ቢል ኦፍ ሎዲንጉን በዚያው ቀን ለመድን ድርጅቱ ይስጡ። «የእኔ ርካሹ ሲ ነው፣ አይሸፍንም» ብለው አይተዉት፤ ኤ፣ ቢ እና ሲ የተባሉት የተለመዱት የጭነት ውሎች ሦስቱም ሳልቬጅንና ጀነራል አቬሬጅን ይሸፍናሉ። የጀነራል አቬሬጁን ቦንድ (ድርሻዬን እከፍላለሁ የሚለውን ሰነድ) እርስዎ ይፈርማሉ፣ የዋስትና ደብዳቤዎቹን መድን ድርጅቱ ይሰጣል። ዕቃውን ከዋጋው በታች አስመዝግበው ከሆነ ግን ልዩነቱ በእርስዎ ላይ ሊወድቅ ይችላል። ኢንሹራንስ የሌለው ጥሬ ገንዘብ ያስይዛል ወይም የባንክ ዋስትና ያቀርባል፤ የውጭ ምንዛሪው ጉዳይ ጊዜ ስለሚወስድ ባንክዎን ቶሎ ያነጋግሩ። ዋስትናው ስለዘገየ ዲመሬጁ (ኮንቴይነሩ ሲዘገይ የሚቆጠረው ክፍያ) ይቆማል ብለው አያስቡ።

ኮንቴይነሩ ድሬዳዋ ደረቅ ወደብ ሲገባ ሲሉን (የኮንቴይነሩን ማሸጊያ) ከመስበርዎ በፊት ቁጥሩን ከሰነዱ ያመሳክሩና ፎቶ ያንሱ። ጭስ ጭስ የሚሸት ወይም የረጠበ ካርቶን ካዩ ማራገፉን አቁመው ሰርቬየር (ጉዳት መርማሪ) ያስጠሩ። በዓይን የሚታየውን ጉዳት እዚያው ሲረከቡ፣ የተደበቀውን ደግሞ በ3 ቀን ውስጥ ለአጓጓዡ በጽሑፍ ያሳውቁ።

ጥሬ ገንዘብ ካስያዙ የደረሰኙን ዋና ቅጂ እንደ ቤት ካርታ ይያዙት። ሒሳቡ ተሠርቶ እስኪያልቅ ዓመታት ሊፈጅ ይችላል፤ ተራፊውም የሚመለሰው በዚያ ወረቀት ነው።